ሠርጉን አትተዪ፣ ካሜራውን ግን ለጊዜው ቤት ተዪው

ከድሬዳዋ የጻፍሽልኝ እህቴ፣ አራት ዓመት ሠርግ ስትቀርጪ ኖረሻል፤ በተለይ በሙስሊም ሠርግ የሴቶቹን ወገን። አሁን አክስትሽ የምታስተምርበትን፣ ቢዮ አዋሌ አካባቢ ያለውን ትንሽ ትምህርት ቤት በዶክመንተሪ መሥራት አምሮሻል። ተራኪ የለ፣ ቃለ መጠይቅ የለ፤ የልጆቹ ውሎ ብቻ። «ሠርጉን ትቼ፣ ተበድሬ አዲስ ካሜራ ልግዛ?» ብለሽ ጠይቀሽኛል።

አትበደሪ። ሠርጉንም አትተዪ።

እንዲህ ያለ ፊልም ቶሎ እንጀራ አይሆንም። የሚበላው ጊዜ ነው። ፈረንሳዊው ኒኮላ ፊሊበር ኦቨርን ገጠር ውስጥ ስላለች ባለ አንድ ክፍል ትምህርት ቤት የሠራው፣ በፈረንጆቹ 2002 የወጣው ፊልም፣ የተቀረጸው ከታኅሣሥ እስከ ሰኔ ነው። አንቺ ጊዜውን ከየት ታመጫለሽ? ዐቢይ ጾምና ረመዳን ሲገቡ ሠርግ ይቆማል፣ ትምህርት ግን አይቆምም። አንዳንድ ዓመት ደግሞ ሁለቱ ጾሞች ይገጣጠማሉ። ያ ያንቺ ወር ነው።

ከባዱን ነገር ደግሞ ቀድሞም ይዘሽዋል። ካሜራ የማይወደድበት ቤት ገብተሽ፣ እናቶች አምነውሽ ሻሻቸውን ጥለው ሲጨፍሩ ቀርጸሻል። ይህን ብዙ የፊልም ተመራቂ አያውቀውም። መተው ያለብሽ ልማድ ግን አለ፦ «ወደዚህ እዩ፣ እስቲ ድገሙልኝ» ማለት። እኔ ወጣት ሳለሁ ለአንድ ድርጅት ስቀርጽ፣ አንዲትን ሕፃን ጄሪካን አሸክሜ ያንኑ ዳገት ሦስት ጊዜ አስወጥቻታለሁ። እስከ ዛሬ ይቆጨኛል። አመለጠሽ? ይለፍሽ። ነገ ሌላ ነገር ያደርጋሉ።

መጀመሪያ ሁለት ሳምንት ባዶ እጅሽን ሂጂ። ኦሮምኛ መቻልሽ ትልቅ ነገር ነው፤ ልጆቹ በእረፍት ሰዓት የሚባባሉትን ያለ አስተርጓሚ ትሰሚያለሽ። ከዚያ ካሜራውን ይዘሽ ግቢና ወለሉ ላይ ተቀመጪ፣ በቁመታቸው ልክ። መጀመሪያ ሌንሱን እያዩ ይሳሳቃሉ። ሲሰለቻቸው ነው ሥራሽ የሚጀምረው።

ያለሽን ብር ማይክ ላይ አውዪው። የቆርቆሮ ክፍል ያስተጋባል፤ ቁቤ እያነበበ የሚንተባተብ ልጅ ድምፅ ደግሞ ከፊት ወንበር አያልፍም። ለአክስትሽ ገመድ አልባ ማይክ አድርጊላት፣ አጠገቧ የሚመጣውን ልጅም ይይዝልሻል። ጥቅምት ላይም ተመለሺ። ማሽላው ሲያሽት ወፍ ጥበቃ የሚውል ልጅ አይጠፋም። ባዶውን ወንበሩን ቅረጪ፣ ማሳውም ድረስ ሂጂ።

ፈቃዱን በወረቀት ብቻ አትጨርሺው። ከትምህርት ቢሮ ደብዳቤ ካወጣሽ በኋላ ወላጆቹን ሰብስቢ። ፊልሙ የት እንደሚታይ ንገሪያቸው፤ ሐሳባቸውን ቢቀይሩ ልጃቸውን እንደምታወጪም ጭምር። ልጅ ሲዋረድ ወይም ሱሪው ላይ ሲያመልጠው ካሜራውን አጥፊ። ከአክስትሽም ጋር ስለ ገንዘብ አሁኑኑ ተነጋገሩ። «አክስቴ አይደለች እንዴ?» ብለሽ አትለፊው። የዚያ የፈረንሳዩ ፊልም መምህር ፊልሙ ገቢ ካገኘ በኋላ ድርሻዬን ብሎ ፍርድ ቤት ሄዷል። ተረታ፤ ግን መካሰሱ አልቀረም።

ሁለቱን ሳምንት ስትጨርሺ ጻፊልኝ። የትኛው ልጅ ከማን ጋር እንደሚቀመጥ ሳይቀር ንገሪኝ።