ከመፈረማችሁ በፊት ስለ በስተር ኪተን ልንገራችሁ

ሰላም ልጆች፤

ባለፈው ሳምንት አንዲት ወጣት ቢሮዬ መጣች። ቲክቶክ ላይ አጫጭር ኮሜዲ ትሠራለች። ራሷ ትጽፋለች፣ ራሷ ትቀርጻለች፣ ኤዲቱንም ማታ ማታ በስልኳ የምትጨርሰው ራሷ ናት። እጇ ላይ ባለ ሦስት ገጽ ውል ይዛለች። የወር ደመወዝ አለው፣ ስቱዲዮ አለው፣ ካሜራማን አለው። ደስታዋ ፊቷ ላይ ያስታውቃል። "ጋሼ፣ ነገ ልፈርም ነው፤ እስቲ አንዴ ይዩልኝ" አለችኝ።

እኔ ኤዲተር ነኝ። ከሠላሳ ዓመት በላይ ሌላው የቀረጸውን ስቆርጥና ስቀጥል ኖሬያለሁ። ጠበቃ አይደለሁም። ስለዚህ ወረቀቱን ከመግለጤ በፊት ስለ አንድ ሰው አጫወትኳት። ያጫወትኳትን ነው ለእናንተም የምጽፈው። ዓመቶቹን በፈረንጆቹ ነው የምቆጥረው።

ሰውየው በስተር ኪተን ይባላል። ቻርሊ ቻፕሊንን የማያውቅ የለም፤ ኪተንን ግን እኛ ዘንድ የሚያውቀው ጥቂት ነው፣ ይሄ ሁልጊዜ ይቆጨኛል። እንደኔ እንደኔ ከድምፅ አልባው ዘመን ሰዎች ሁሉ ካሜራ ምን ማድረግ እንደሚችል የገባው እሱ ነው።

በ1895 ካንሳስ ውስጥ ተወለደ። እናትና አባቱ ከከተማ ከተማ እየዞሩ በመድረክ ላይ ሰው የሚያስቁ ነበሩ፣ እሱንም ገና በሕፃንነቱ ሥራው ውስጥ አስገቡት። አባትየው ልጁን አንስቶ መድረኩ ላይ ይወረውረዋል። ለመወርወር እንዲመች ልብሱ ጀርባ ላይ የሻንጣ እጀታ ተሰፍቶለት ነበር። አወዳደቅን እዚያ ተማረ። ሌላም ነገር ተማረ፤ ወድቆ ራሱ ከሳቀ ሕዝቡ ዝም ይላል፣ ፊቱን ቅጭም ካደረገ ግን አዳራሹ በሳቅ ይናጋል። ዕድሜ ልኩን የታወቀበት ያ የማይስቅ ፊት የመጣው ከዚያ ነው። ሕዝብ ፊት እየወደቀ ያገኘው ነው።

በ1917 ኒውዮርክ ውስጥ ሮስኮ አርባክል የሚባል በጊዜው ዝነኛ የነበረ ኮሜዲያን ወደ ቀረጻ ቦታ ጋበዘው። ይህችን ታሪክ በጣም ነው የምወዳት። ኪተን ካሜራውን ተውሶ ወደ ማደሪያው ወሰደው፣ ሌሊቱን ፈታታው፣ ፊልሙ ውስጡ እንዴት እንደሚያልፍ አየ፣ መልሶ ገጠመው። ከዚያ በሳምንት 250 ዶላር ያገኝበት የነበረውን የመድረክ ሥራ ትቶ በ40 ዶላር ፊልም ውስጥ ገባ። አስቡት፣ ደመወዙ ስድስት እጥፍ ወርዶ! ግን ማሽኑን ከውስጥ አይቶታል፣ ምን ሊያሠራው እንደሚችል ገብቶታል።

በ1920 ያወጣው አንድ አጭር ፊልም አለ፣ "ዋን ዊክ" ይባላል። አዲስ ተጋቢዎች ናቸው። በሣጥን በሣጥን ተለያይቶ የመጣ ቤት ይሰጣቸዋል፣ ሣጥኖቹ ላይ ቁጥር አለ፣ በቁጥሩ መሠረት መገጣጠም ነው። አንድ ምቀኛ ቁጥሮቹን ይቀያይራል። ቤቱ ተንጋዶ ይቆማል። መጨረሻ ላይ ይህን ጉደኛ ቤት ወደ ሌላ ቦታ ሲጎትቱት ባቡር ሐዲድ ላይ ተቸክሎ ይቀራል። ባቡር እየመጣ ነው። ይገፋሉ፣ ይጎትታሉ፣ ንቅንቅ አይልም። ዓይናቸውን ጨፍነው ይጠብቃሉ። ባቡሩ በጎን ባለው ሌላ ሐዲድ እልም ብሎ ያልፋል። እፎይ! እናንተም እፎይ ትላላችሁ። በዚያች ቅጽበት ከወዲያ በኩል ሌላ ባቡር መጥቶ ቤቱን ብትንትኑን ያወጣዋል። ሰውየው ፍርስራሹ ላይ "የሚሸጥ" የሚል ጽሑፍ ያስቀምጣል፣ የአገጣጠም መመሪያውንም ያያይዝበታል፣ ከሚስቱ ጋር እጅ ለእጅ ተያይዘው ይሄዳሉ።

እዚህ ላይ የሙያዬን ልናገር። ያ ባቡር ቤቱን ሲመታው ኪተን ካሜራውን ራቅ አድርጎ ዝም ብሎ ነው የተወው። ባቡሩንም ቤቱንም አንድ ላይ ታያላችሁ፣ መሃል ላይ ቁርጥ የለም። ቢቆርጠው ኖሮ ዓይናችሁ አያምንም ነበር። እናንተ በየሰከንዱ ትቆርጣላችሁ፣ ሰው ሲወድቅ እንኳ ሦስት ቦታ ትቆርጡታላችሁ። እባካችሁ አንድ ጊዜ ሳትቆርጡ ሞክሩት።

ደግሞ ያ የሚወድቀው ግድግዳ አለ። ምናልባት ክሊፑን አይታችሁት ይሆናል፣ ከ1928ቱ "ስቲምቦት ቢል ጁኒየር" ነው። ማዕበል ነው። ኪተን አንድ ቤት ፊት ቆሟል። የቤቱ የፊት ግድግዳ ሙሉውን ይገነጠልና ላዩ ላይ ይወድቃል፣ እሱ ግን የቆመው ልክ የላይኛው መስኮት በሚያርፍበት ቦታ ስለሆነ ይተርፋል። ግድግዳው ሁለት ቶን ገደማ ይመዝን እንደነበር ይነገራል። በመስኮቱና በሰውነቱ መካከል የነበረው ክፍተት ጥቂት ኢንች ነው። ያዳነው ልኬት ነው፤ ተለክቶ፣ ተሰልቶ፣ የሚቆምበት ቦታ ምልክት ተደርጎበት ነው። ይህን ግን እንዳትሞክሩት፣ ከልቤ ነው የምላችሁ። በ1924 "ሸርሎክ ጁኒየር"ን ሲቀርጽ የባቡር ጣቢያ የውኃ ማጠራቀሚያ ላዩ ላይ ተለቆ ሐዲዱ ላይ ጣለው። ራሱን እያመመው ሥራውን ቀጠለ። አንገቱ ተሰብሮ እንደነበር ሐኪም በራጅ አይቶ የነገረው ከዓመታት በኋላ ነው። ለቪው ብላችሁ ይህን የምታደርጉ ካላችሁ ተዉ። አንገት ሌላ አይገዛም።

በ1926 ደግሞ "ዘ ጀነራል"ን ሠራ። ኦሪገን ውስጥ እውነተኛ ባቡር በሚቃጠል ድልድይ ላይ ነድቶ ወንዝ ውስጥ ጣለው። ያቺ አንዲት ቀረጻ ብቻ 42 ሺህ ዶላር እንደፈጀች ይነገራል። የሚደገም ነገር አይደለም። የባቡሩ ስብርባሪ እስከ ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ድረስ እዚያው ወንዝ ውስጥ ነበር። ፊልሙ ሲወጣ ግን ገበያው ቀዘቀዘ፣ ብዙ ተቺዎችም አጣጣሉት። ዛሬ ከዘመኑ ምርጥ ፊልሞች አንዱ ነው የሚባለው፣ ያኔ ግን ለኪተን ማን ይድረስለት?

ልጅቷን ላስረዳት የፈለግኩት ከዚህ ቀጥሎ ያለውን ነው። ይህ ሰው ካሜራውን የፈታ፣ ባቡሩን ያጠና፣ ግድግዳውን በኢንች የለካ ሰው፣ አንድ ሳይፈታታው ያለፈው ነገር ነበር። ወረቀቱን። የገንዘቡን ጉዳይ የሚይዝለት ጆሴፍ ሼንክ የሚባል ፕሮዲዩሰር ነው። ፊልሞቹ የኪተን ንብረት አልነበሩም። ቻፕሊንና ሌላው የዘመኑ ኮሜዲያን ሃሮልድ ሎይድ የፊልሞቻቸው ባለቤት ሆነዋል፤ እሱ አልሆነም። በ1928 ሼንክ ወደ ትልቁ የፊልም ስቱዲዮ ወደ ኤም ጂ ኤም እንዲገባ ነገረው። ቻፕሊንም ሎይድም አትግባ ብለውት ነበር። ገባ። በሳምንት ሦስት ሺህ ዶላር ነበር። በኋላ ራሱ በሕይወቴ የሠራሁት ትልቁ ስህተት ነው ብሎታል።

ምን ተቀየረ መሰላችሁ? ቀድሞ የነበረው ትንሽ ቡድን ነው፣ ተዋናዩም ዳይሬክተሩም እሱ ነው። ስክሪፕት የላቸውም። መነሻውንና መድረሻውን ይይዛሉ፣ መሃሉ እየተሠራ ይመጣል። ሐሳብ ሲያልቅባቸው ሥራውን አቁመው ቤዝቦል ይጫወታሉ፣ ከዚያ አንዱ "አገኘሁት!" ብሎ ይጮሃል። አዲሱ ቤት እያንዳንዷ ነገር አስቀድማ ተጽፋ በስንት ሰው እንድትጸድቅ ይፈልጋል። የመጀመሪያው ፊልም እዚያም ቤት ጥሩ ወጣ። ከዚያ በኋላ ግን እንደ ዕቃ ያዘዙት ጀመር፤ ይህን ተናገር፣ እዚህ ቁም፣ ያንን አትዝለል።

ብዙ ሰው ድምፅ መጥቶ ነው የጣለው ይላል። አልስማማም። በድምፅ የሠራቸው ፊልሞች እኮ ገንዘብ አስገብተዋል! ሰውየው ግን ውስጣቸው አልነበረም። መጠጥ ያዘው፣ በ1932 ትዳሩ ፈረሰ፣ በ1933 አሰናበቱት። ከዓመታት በኋላ እዚያው ቤት ተመልሶ ለሌሎች ኮሜዲያን ቀልድ እንዲፈጥር ተቀጠረ። በሳምንት በ100 ዶላር።

እኔንም ደርሶብኛል፣ በእርግጥ በእኔ ልክ። በቪዲዮ ካሴቱ ዘመን ከሁለት ጓደኞቼ ጋር አጫጭር ቀልዶች ሠራን። አንድ አከፋፋይ ማኪያቶ ጋብዞን እዚያው ጠረጴዛ ላይ አንድ ገጽ ወረቀት አስፈረመን። ማስትሩንም፣ ማለት ዋናውን ቅጂ፣ ወሰደ። ከዓመታት በኋላ ያ ሥራ ኢንተርኔት ላይ ተጭኖ አየሁት፣ የሦስታችንም ስም ተቆርጦ ወጥቷል። የተቆረጠበትን ቦታ አውቀዋለሁ፣ ምክንያቱም ያንን መግቢያ ያቀናበርኩት እኔ ነኝ። ሄጄ ብጠይቅ "ፈርማችኋል" ተባልኩ። እውነት ነው፣ ፈርመናል።

ዛሬ እናንተ ከኛ የተሻለ ነገር አላችሁ። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 አለ (ይህኛው ዓመት በእኛ አቆጣጠር ነው)፣ በአማርኛ ነው፣ ኢንተርኔት ላይ ይገኛል። አንድ ከሰዓት ስጡትና አንብቡት። ደመወዝ መቀበል ነውር ነው እያልኩ አይደለም። የቤት ኪራይ አለ፣ ቤተሰብ አለ፣ አውቃለሁ። ግን የሠራችሁት የማን ሆኖ እንደሚቀር፣ የመጨረሻውን ቁርጥ ማን እንደሚወስን፣ ብትለቁ በስማችሁ መሥራት ትችሉ እንደሆነ ሳታውቁ እጃችሁን ብዕር ላይ አታሳርፉ።

ስለ ኪተን የቀረውን ልጨርስላችሁ። በ1940 ኤሌነር የምትባል ዳንሰኛ አገባ፣ እስኪሞትም አብራው ነበረች። የድሮ ቤቱን ከጊዜ በኋላ ጄምስ ሜሰን የሚባል ተዋናይ ገዛው፣ በ1950ዎቹም ጠፉ የተባሉ የኪተን ፊልሞች ጥቅል እዚያ ግቢ ውስጥ ተገኘ። ያኔ ፊልም የሚሠራበት ናይትሬት በቀላሉ የሚነድ፣ ሲቆይም የሚበሰብስ ነገር ነው። ትንሽ ቢዘገይ አመድ ነበር። በ1960 የክብር ኦስካር ሰጡት። በ1965 ቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል ላይ ሕዝቡ ቆሞ አጨበጨበለት። በማግሥቱ ዓመት በፈረንጆቹ ፌብሩዋሪ በሳንባ ካንሰር ሞተ።

ይህን ሁሉ ጨርሼ ከልጅቷ ጋር ውሉን ገለጥነው። ቀስ ብለን፣ ቃል በቃል። ሁለተኛው ገጽ ላይ "ከዚህ በፊት የተሠሩትንም ጨምሮ" የሚል አለ። ጣቷን እዚያ ላይ አሳረፈች። "ከዚህ በፊት የተሠሩት ማለት... በስልኬ የሠራኋቸው?" አለች። አዎ አልኳት። ዝም አለች። ከዚያ ቦርሳዋ ውስጥ እርሳስ ፈልጋ ከሥሩ አሰመረችበት፣ ጎኑ ላይ የጥያቄ ምልክት አደረገች፣ ወደ ሦስተኛው ገጽ ገለጠች።