ትንሽ ሮል ለሚሰጣችሁ ልጆች

ጎንደር ያላችሁ ትወና ምትወዱ ልጆች ስታገኙኝ ምትጠይቁኝ አንድ ነገር ነው፣ ጋሼ እንዴት ነው መሪ ተዋናይ ሚኮነው ትሉኛላችሁ። እኔ መሪ ሆኜ አላውቅም። ዘበኛ፣ ደላላ፣ የእድር ዳኛ፣ ሽፍታ፣ የልጅቷ አጎት፣ ስሰራ የኖርኩት እሱን ነው፣ ስራዬንም በጣም ነው ምወደው፣ ስለዚህ ማውቀውን ልንገራችሁ።

በትንሽ ብር ሚሰራ ፊልም ላይ ዳይሬክተሩ ስለናንተ ማሰቢያ ጊዜ የለውም። ካሜራው በቀን ሂሳብ ነው የተከራየው፣ ጀነሬተሩም መኪናውም እንደዛው፣ ሎኬሽኑ የተፈቀደው እስከ ስንት ሰአት ድረስ ብቻ ነው፣ ፀሀይዋም አትጠብቅም። ስክሪፕቱ ላይ ዘበኛ ይላል አለቀ፣ ስም እንኳን የለውም። እና ያ ዘበኛ ማን እንደሆነ ከናንተ በቀር ሚጨነቅለት ሰው የለም። እኔ ዘበኛ ሁን ስባል መጀመሪያ ከየት መጣ ብዬ ነው ምነሳው። ከደምቢያ ነው ከወገራ? ወታደር ነበር እንዴ? ወታደር የነበረ ሰው በር ሲከፍት ራሱ ያስታውቃል። ጫማውስ የራሱ ነው ወይስ የአሰሪው አሮጌ፣ ከሰፋው አረማመዱ ሌላ ነው ሚሆነው። ይሄ ሁሉ ንግግሩ ውስጥ የለም፣ ተመልካች ግን ያየዋል፣ ምን እንዳየ ባያውቀውም ሰውየውን ያምነዋል።

እናንተ አልደረሳችሁበትም እንጂ እኛ የአርኖልድ ሽዋርዜኔገርን ፊልሞች ቪዲዮ ቤት ገብተን ነበር ምናየው። ተርሚኔተር ላይ (በ1984 እ.ኤ.አ የወጣው ማለት ነው) መሳሪያ ሻጩን ፈልጋችሁ እዩት። ዲክ ሚለር ይባላል። ትንሽ ደቂቃ ነው ያለችው ከዛ ይገደላል፣ ግን እያንዳንዱን መሳሪያ ሲያቀብል ደንበኛው (አርኖልድ ማለት ነው) እቃ ሚያውቅ ሰው በመሆኑ ደስ ያለው እውነተኛ ነጋዴ ነው፣ ገዳይ ፊት እንደቆመ ምንም አያውቅም፣ ትእይንቱን ሚያስፈራ ያደረገው እሱ ነው ብዬ ነው ማምነው። ይሄ ሰውዬ ከሮጀር ኮርማን ጋር ሲሰራ ያደገ ተዋናይ ነው፣ ኮርማን ማለት በርካሽ ፊልም የታወቀ የአሜሪካ ዳይሬክተር ነበር፣ በ1959 እ.ኤ.አ ሚለርን መሪ አድርጎ የሰራውን ፊልም በ5 ቀን ነው ቀርጾ የጨረሰው። ሚለር የመጀመሪያ ፊልሙ ላይ ደግሞ ብር ስላልነበረ እዛው ፊልም ውስጥ አንዴ ቀይ ህንዳዊ አንዴ ነጭ ሆኖ ሰርቷል። በ2019 እ.ኤ.አ ሲሞት ከ100 በላይ ፊልም ላይ ፊቱ ነበረ፣ አብዛኛው ትንሽ ሮል ነው።

አሁን ወደኛ ልምጣ፣ እዚህ ላይ ሆዴን ሚበላኝ ነገር አለ። ጎንደሬ ነኝ ስትሉ ባላገር ሁኑ ትባላላችሁ፣ ኮሜዲ ከሆነማ ጋቢ ያለብሷችሁና ጩህ፣ አፍህን ክፈት፣ ፎቅ አይተህ ደንግጥ ነው። እባካችሁ እንዲህ አትስሩ። ቅዳሜ ገበያ ሄዳችሁ ቁጭ በሉና ገበሬውን እዩት፣ ዋጋ ሲጠየቅ ቶሎ አይመልስም፣ መጀመሪያ ጠያቂውን ነው ሚያየው፣ ሊገዛ የመጣ ነው ወይስ ዝም ብሎ ሚጠይቅ ብሎ ይመዝነዋል። ዱላውን የት እንደሚያሳርፍ፣ ገንዘብ ሲቆጥር ለማን ጀርባውን እንደሚሰጥ እዩ። ይሄን ይዛችሁ ቀረጻ ቦታ ብትገቡ ዳይሬክተሩ ጩህ ቢላችሁ እንኳን በጨዋ ቋንቋ አንዴ በዚህ ልሞክርልህ በሉት፣ ብዙ ጊዜ ይቀበላል። ሰውም ይስቃል፣ ግን በገበሬው ላይ አይደለም ሚስቀው፣ አባቶቻችን ናቸው እኮ።

ሌላው ቶሎ ቶሎ ልበለው። ስኒ በየትኛው እጃችሁ እንደያዛችሁና የት ጋ እንደጠጣችሁ አስታውሱ፣ ኮንቲኒቲ ሚይዝ (ከሾት ሾት ነገሩ እንዳይለያይ ሚከታተል) ሰው ብዙ ጊዜ የለም፣ አንድ ስህተት ሙሉ ሾት ያስደግማል። ማይክ ደረታችሁ ላይ ካለ ጋቢያችሁን አትጎትቱ። መሪዋ ስታወራ ዝም ብላችሁ ስሟት፣ ሪአክሽናችሁ ኤዲቲንግ ላይ ሚቀረው በእውነት ስትሰሙ ብቻ ነው።

ብሩን በተመለከተ፣ ሌላ ስራ ይኑራችሁ። እኔ አስተማሪ ሆኜ ነው የኖርኩት፣ ፊልም በሲዲ ሲሸጥ አይቻለሁ፣ ሲዲው በኮፒ ሲሞትም አይቻለሁ፣ በ2008 ዓ.ም ቃና ቴሌቪዥን ሲመጣ ሰው ሁሉ ቤቱ ተቀምጦ የቱርክ ድራማ ሲያይ አይቻለሁ፣ አሁን ደግሞ ሁሉም ዩቲዩብ ላይ ነው። የቀን ሂሳባችሁን ስራው ሳይጀመር በጽሁፍ ተስማሙ፣ ወንድሜ ፊልሙ ሲሸጥ እንተሳሰባለን ሚል ሰው ጥሩ ሰው ሊሆን ይችላል ግን ወረቀት ይጻፍላችሁ፣ ምሳና ትራንስፖርት በማን እንደሆነም አብሮ ይግባ። ለጥምቀት ሰሞን ካሜራ ይዘው ወደ ከተማችን ሚመጡ አይጠፉም፣ ስልካችሁን ሰጥታችሁ ጠብቁ፣ ሲደውሉላችሁ ስንት ትእይንት አለኝ ከማለታችሁ በፊት ምሰራው ሰውዬ ምን ሰርቶ ነው ሚኖረው ብላችሁ ጠይቁ።