ሶኖማ የተጫነበት የ2012 ማክቡክ ያለ ፍላሽ ለምን አይነሳም?

ጥያቄ፦ በ2012 የተሠራ ባለ 13 ኢንች ማክቡክ ፕሮ አለኝ፤ ሬቲና አይደለም። በኦፕንኮር ሌጋሲ ፓቸር (አዳዲስ የማክ ሲስተሞችን በቆዩ ማኮች ላይ በሚጭን ፕሮግራም) ሶኖማ የተባለውን የማክ ሲስተም ጫንኩበት። ፍላሹን ስነቅል አይነሳም። በፍላሹ ሲነሳም ስክሪኑ ይንቀራፈፋል፣ ዋይፋይም የለውም። ማሽኑ አርጅቶ ይሆን?

መልስ፦ ማሽኑስ ደህና ነው፤ ያላለቀው ሥራው ነው። ሲስተሙ ከተጫነ በኋላ ሁለት ነገሮች ይቀራሉ፤ እርስዎ ሁለቱንም የዘለሉ ይመስላል።

አፕል ለዚህ ሞዴል የፈቀደው የመጨረሻ ሲስተም ካታሊና ነው። ሶኖማ እንዲነሳ ኦፕንኮር፣ ማለትም ሲስተሙን የሚያስነሳው ትንሽ ፕሮግራም፣ ቀድሞት መነሳት አለበት። አሁን ኦፕንኮር ያለው ፍላሹ ላይ ብቻ ስለሆነ፣ ፍላሹ ሲነቀል ማክቡኩ በመስመር የተሰረዘ ክብ አሳይቶ ይቆማል። ስለዚህ በፍላሹ ያስነሱትና በፓቸሩ ውስጥ «ቢልድ ኤንድ ኢንስቶል ኦፕንኮር» የሚለውን ተጭነው የውስጡን ዲስክ ይምረጡ። ቀጥሎ ፍላሹን ነቅለው የኦፕሽን ቁልፍን እንደተጫኑ ያብሩት። «ኢኤፍአይ ቡት» የሚለው ሲመጣ ኮንትሮልን ይዘው ይምረጡት፤ ከዚያ ወዲያ ሁልጊዜ በዚያው በኩል ይነሳል።

የስክሪኑና የዋይፋዩ ችግር ምንጩ ሌላ ነው። አፕል የኢንቴል ኤችዲ 4000 ግራፊክስ ድራይቨርን (ሲስተሙ ዕቃውን የሚያሠራበትን ፕሮግራም) ከሶኖማ በፊት ከወጣው ከሞንተሬይ ጀምሮ አውጥቶታል፤ የቆዩ የብሮድኮም ዋይፋይ ካርዶችን ድራይቨርም ከአዳዲስ ሲስተሞቹ አውጥቷል። «ፖስት ኢንስቶል ሩት ፓች» የሚለው ይመልሳቸዋል። ፓቸሩ ከኢንተርኔት የሚያወርደው ነገር ሊኖር ስለሚችል በኔትወርክ ገመድ ያገናኙት፤ መሰኪያው በጎኑ አለ። ሲጨርስ አጥፍተው ያስነሱት።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው ይሳሳታል፦ የአፕል ዝማኔ በተጫነ ቁጥር እነዚህ ድራይቨሮች ይጠፋሉ፣ ፓቹም እንደገና መደረግ አለበት። አውቶማቲክ ዝማኔን ያጥፉት፤ ከማዘመንዎ በፊትም መጀመሪያ ፓቸሩን ራሱን ያድሱ። ፓቹ የሲስተሙን የደኅንነት ማኅተም ስለሚያፈርስ፣ ጥብቅ ምስጢር ለሚያስቀምጡበት ኮምፒውተር እኔ አልመክረውም። ለጽሑፍ ሥራና ለኢንተርኔት ግን ይበቃል።

ዲስኩ አሁንም የሚሽከረከረው ዓይነት ከሆነ ግን ፓቹ ብቻውን አያድነውም። ሶኖማ የሚጠቀምበት ኤፒኤፍኤስ የተሰኘው የፋይል አቀማመጥ በእንዲህ ያለ ዲስክ ላይ በጣም ይዘገያል። ፋይሎችዎን ወደ ውጫዊ ዲስክ ገልብጠው ኤስኤስዲ (የማይሽከረከር ፈጣን ዲስክ) ያስገቡበት፤ ራሙም 4 ጊጋባይት ከሆነ ቢያንስ ወደ 8 ያሳድጉት።