አዲሱ ሳይረጋገጥ አሮጌው አይሰረዝም

ከድሬዳዋ ከዚራ የጻፉልን ጠያቂ በመሥሪያ ቤታቸው ያለውን የሲስኮ ካታሊስት 2960 ስዊች (ኮምፒውተሮችን በኔትወርክ የሚያገናኝ መሣሪያ) ሶፍትዌር ከ12.2 ወደ 15.0 ስሪት ለማሳደግ ሲሞክሩ ፍላሹ (ፋይሎቹ የሚቀመጡበት ቋሚ ማኅደር) ቦታ እንዳጣ ገልጸው፣ መብራት በየጊዜው በሚጠፋበት ሁኔታ የቀድሞውን ኢሜጅ (የሶፍትዌሩን ፋይል) ሰርዞ አዲሱን መጫን ያሰጋ እንደሆነ ጠይቀዋል።

በእርግጥ ያሰጋል። አዲሱ በመገልበጥ ላይ ሳለ መብራት ቢጠፋ የሚበላሸው ያ ፋይል ብቻ ስለሆነ፣ የቀድሞው በቦታው ካለ ስዊቹ በእርሱ ይነሣል። ከተሰረዘ ግን ስዊቹ ቡትሎደር (ሶፍትዌሩን የሚያስነሣው አነስተኛ ፕሮግራም) ላይ ይቆማል፤ ያን ጊዜ ፋይሉን ላፕቶፕን ከስዊቹ ጋር በቀጥታ በሚያገናኘው ኮንሶል ኬብል፣ ኤክስሞደም በሚባለው አዝጋሚ የፋይል መላኪያ ዘዴ መላክ ግድ ሲሆን፣ በተለመደው በሰከንድ 9600 ቢት ፍጥነት 12 ሜጋባይት ለማስተላለፍ ከሦስት ሰዓት በላይ ይፈጃል።

የዚህ ስዊች ፍላሽ 32 ሜጋባይት ነው። ቦታውን የሚያጣብበው ብዙውን ጊዜ ከታር ፋይል (ብዙ ፋይሎችን ካጠቃለለ ጥቅል) ጋር የመጣው፣ በብራውዘር ለማስተዳደር የሚያገለግለው የኤችቲኤምኤል ፎልደር ነው፤ ስዊቹን በትእዛዝ ብቻ የሚያስተዳድሩ ከሆነ እርሱን ይሰርዙና አዲሱን በቢን መልኩ (ኢሜጁን ብቻ በያዘ ነጠላ ፋይል) ያውርዱ። ፍላሹን ፎርማት ማድረግ ግን ፈጽሞ አይታሰብ፤ ኮንፊገሬሽኑ የተቀመጠበት ኮንፊግ ዶት ቴክስትና የቪላኖቹን (በስዊቹ ላይ ተከፋፍለው የተዋቀሩትን ኔትወርኮች) ዝርዝር የያዘው ቪላን ዶት ዳት የሚገኙት እዚያው ስለሆነ፣ ሁለቱንም አስቀድመው ወደ ላፕቶፕዎ ይገልብጡ።

ዋናው ነገር ማረጋገጡ ነው። ብዙ ባለሙያ ፋይሉን ኮምፒውተሩ ላይ ብቻ ፈትሾ ያልፋል፤ ይሁንና ቲኤፍቲፒ በሚባለው ቀላል የፋይል ማስተላለፊያ ዘዴ ወደ ስዊቹ ሲተላለፍ ሊበላሽ ይችላልና፣ ዝውውሩ ተጠናቀቀ የሚለው መልእክት ብቻውን አያስተማምንም። ስለዚህ ስዊቹ ላይ ቬሪፋይ የሚለውን ትእዛዝ ከእዝባር (/) ኤምዲ5 ጋር ሰጥተው (ኤምዲ5 ከፋይሉ ይዘት የሚሰላ መለያ ኮድ ነው)፣ የሚወጡትን 32 ፊደላትና አኃዞች አምራቹ በማውረጃ ገጹ ካሰፈረው ጋር አንድ በአንድ ያመሳክሩ። ኤምዲ5 ሆን ተብሎ የተነካካ ፋይልን ለመለየት ዛሬ እንደ ደካማ ስለሚቆጠር፣ ላፕቶፑ ላይ ሳለ ሻ512 በተባለው ጠንከር ያለ ተመሳሳይ ስሌት ጭምር መፈተሽ ይገባል። አንዲት ፊደል እንኳ ብትለይ ፋይሉን ሰርዘው እንደገና ይገልብጡ።

ከተመሳሰለ በኋላ በቡት ሲስተም ትእዛዝ አዲሱን ኢሜጅ ያመልክቱ፤ ኮንፊገሬሽኑን ሴቭ አድርገው፣ የፋይሉ ስም በትክክል መጻፉን በሾው ቡት ይመልከቱ። ሪሎድ የሚያደርጉት (ስዊቹን ዳግም የሚያስነሡት) ከዩፒኤስ (መብራት ሲጠፋ ከሚያገለግል መጠባበቂያ ባትሪ) ጋር ተገናኝቶ ይሁን። ብዙዎች ቢሮው ጭር የሚልበትን የቀትር ሰዓት ይመርጣሉ፤ እኔ ግን በድሬ ሙቀት ፋኑ አቧራ የጠገበ አሮጌ ስዊች በማለዳ ቢነካ እመርጣለሁ፣ ችግር ቢፈጠርም ቀኑ ገና ነው። ሲነሣ ሾው ቨርዥን የአዲሱን ፋይል ስም ማሳየቱን፣ ቪላኖቹና ትራንክ ፖርቶቹም (የብዙ ቪላኖችን መረጃ በአንድነት የሚያሳልፉት መሰኪያዎች) እንደነበሩ መሆናቸውን ያረጋግጡ፤ የቀድሞው ኢሜጅ ለጥቂት ሳምንታት እዚያው ይቆይ።