ዝናቡ ሲያባራ የማይመለስ ቴሌቪዥን

ጥያቄ፦ የምኖረው ደብረ ማርቆስ ነው። ክረምት በገባ ቁጥር የኢትዮሳት ቻናሎች ምስላቸው እንደ ዳማ ሰሌዳ ይቆራረጥና ይጠፋል። ዝናቡ ካባራ በኋላም ግማሽ ቀን አይመለስም። ጎረቤቶቼ «ጮቄ ተራራ ላይ እየዘነበ ነው» ይላሉ፤ ዲሽ የሚተክለው ልጅ ደግሞ ባለ 90 ሳንቲ ሜትር ግዛ ይለኛል። ልግዛ?

መልስ፦ ለጊዜው ገንዘብዎን ይያዙ። ጮቄም በዚህ የለበትም። ሳተላይቱ ያለው 57 ዲግሪ ምሥራቅ ላይ ነው፤ ከደብረ ማርቆስ ሲታይ በደቡብ ምሥራቅ በኩል፣ ከአድማስ 64 ዲግሪ ያህል ከፍ ብሎ። ጮቄ በስተሰሜን ነው። የሳተላይቱ ሞገድ ከአናት በቀረበ አቅጣጫ ስለሚወርድም ዝናብ የሚያገኘው ከቤትዎ ሁለት ኪሎ ሜትር ባልሞላ ርቀት ውስጥ ብቻ ነው። የሞገዱ ርዝመት 2.7 ሳንቲ ሜትር ገደማ ስለሆነ ወፍራም ጠብታ ይውጠዋል፣ ይበትነዋል። ሪሲቨሩ ስህተቱን ማረም እስከቻለ ምስሉ ጥርት ያለ ነው፤ ሲያቅተው እንደ ድሮው አንቴና ነጠብጣብ እያሳየ አይደክምም፣ ባንዴ ይሰባበራል።

እንዲህ ያለው መቋረጥ ግን ከዝናቡ ጋር መጥቶ ከዝናቡ ጋር ይሄዳል። ግማሽ ቀን ከቆየ ውሃው ኬብልዎ ውስጥ ሳይገባ አይቀርም።

መጀመሪያ ሪሲቨሩን ከሶኬት ይንቀሉ፤ ኬብሉ እስከ 18 ቮልት ስለሚሸከም መሃሉ ያለው መዳብና የሽቦ መረቡ ቢነካኩ ሪሲቨሩን ሊጎዳው ይችላል። ኤልኤንቢው (ከዲሹ ፊት ቆሞ ሞገዱን የሚቀበለው ዕቃ) ላይ የታሰረውን ጃክ፣ ማለትም የኬብሉን ጫፍ ማያያዣ፣ ይፍቱ። መዳቡ ከጠቆረ ወይም አረንጓዴ ከሆነ የሚያብረቀርቀው እስኪመጣ ይቁረጡ። አንዳንዴ ግማሽ ሜትር ይሄዳል፤ መረቡ ውሃን እንደ ኩራዝ ክር ይስባልና። አዲሱን ጃክ ሲያስሩ መዳቡ ከአፉ 2 ሚሊ ሜትር ያህል ይውጣ፤ ከመረቡ አንዲት ክር እንኳ መዳቡን እንዳትነካ። ከዚያ በናስትሮ ከታች ወደ ላይ ይጠቅልሉት፣ የቤት ክዳን ቆርቆሮ እንደሚደራረበው። ኬብሉ ከኤልኤንቢው በታች ቀለበት ሠርቶ ይንጠልጠል፤ ውሃው እዚያ ይንጠባጠባል።

አንድ ምልክት ልጨምር፦ ሆሪዞንታል ቻናሎች (ሞገዳቸው በአግድም የሚርገበገበው) ቀድመው የሚጠፉ ከሆነ የዛገው ጃክ ቮልቱን እየበላው ነው። ለቨርቲካል (በቁም ለሚርገበገበው) 13 ቮልት ይበቃል፣ ለሆሪዞንታል ግን 18 ያስፈልጋል።

ይህ ሁሉ ተደርጎም ዶፍ ሲወርድ ብቻ የሚጠፋ ከሆነ፣ ብራ ቀን ጠብቀው ዲሹን በጥቂት ሚሊ ሜትር እያንቀሳቀሱ ያስተካክሉ። ከእያንዳንዱ ንክኪ በኋላ ሁለት ሦስት ሰከንድ ይታገሱ። የሚያዩት ኳሊቲ የሚለውን እንጂ ስትሬንግዝ የሚለውን መስመር አይደለም፤ ስትሬንግዙ ዲሹ ወደ ሌላ አቅጣጫ ዞሮም ሊሞላ ይችላል። ባለ 90ው የሚነሳው ከዚህ በኋላ ነው። ከባለ 60 ሳንቲ ሜትር ዲሽ ሁለት እጥፍ በላይ ሞገድ ይሰበስባል፤ የሐምሌን ዶፍ መቋረጥ ያሳጥራል እንጂ አያጠፋውም።