የፊልም ባለታሪክን መርዳት ውሉን ያበላሻል?

ጥያቄ፦ ከዓረብ አገር ተመልሳ መንገድ ዳር ቡና ስለምትሸጥ እናት ዘጋቢ ፊልም እየሠራሁ ነው። ፊደል ስላልቆጠረች ለመቀረጽ የተስማማችበትን ውል በጣቷ ፈርማለች። አሁን ልጇ ታሟል፤ የቤት ኪራይም ተጠራቅሞባታል። ብረዳት በኋላ «በገንዘብ ደልሎ አስፈረመኝ» ልትለኝ ትችላለች?

መልስ፦ ልጁ ይቅደም። ሕመሙ ለሕይወቱ የሚያሰጋ ከሆነ ካሜራውን አስቀምጠው ሐኪም ቤት ያድርሱት። የወንጀል ሕጉ አንቀጽ 575 በከባድ አደጋ ላይ ያለን ሰው፣ ራሱን ለአደጋ ሳያጋልጥ መርዳት እየቻለ ሆን ብሎ የተወን እስከ 6 ወር በሚደርስ ቀላል እስራት ወይም በመቀጮ ይቀጣል። «እኔ ፊልም ሠሪ ነኝ፣ ጣልቃ አልገባም» ማለት አያድንዎትም፤ ሊያድንም አይገባም።

ኪራዩን መክፈልም አልተከለከለም። ችግር የሚያመጣው ብሩ ከፈቃዷ ጋር ሲታሰር ነው። በፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 1710 መሠረት ችግሯን ወይም የዋህነቷን መጠቀሚያ በማድረግ የተገኘ ስምምነት ሊፈርስ ይችላል። «ቀረጻው ሲያልቅ እከፍልልሻለሁ» ማለት ለዚህ ክስ ማስረጃ ማቀበል ነው። ስለዚህ ብሩን በደረሰኝ ለአከራዩ ይክፈሉ፤ እርዳታው ከፊልሙ ጋር እንደማይያያዝና እንደማይመለስ በተለየ ወረቀት ይስፈር፤ ርክክቡን አይቅረጹ። እርዳታው ታሪኳን ከለወጠው ደግሞ ፊልሙ ውስጥ ይነገር፤ አለበለዚያ ተመልካቹ በራሷ ጥረት ብቻ የተወጣችው ይመስለዋል።

ከእርዳታው ይልቅ እኔን የሚያሳስበኝ የጣት ፊርማው ነው። በአንቀጽ 1728 ማንበብና መጻፍ የማይችል ሰው የጣት ፊርማ በውል አዋዋይ፣ በመዝጋቢ ወይም በዳኛ ፊት ካልተረጋገጠ አያስገድደውም። ሰነዶች ማረጋገጫ ይውሰዷትና በምትሰማው ቋንቋ ተነቦላት እንደገና ትፈርም። ኪራዩ ፋታ የማይሰጥ ከሆነ አስቀድመው ይክፈሉ፤ ውሉን ግን በዚያው ሰሞን አያቅርቡላት።

ምስሏን ያለ ፈቃዷ ቢያሳዩ በዚሁ የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 27 እና 29 እንዲቆምና እንድትካስ መጠየቅ ትችላለች። አንቀጽ 28 በአደባባይ ለተፈጸመ ነገርና ለትምህርታዊ ጥቅም ፈቃድ አያስፈልግም ቢልም፣ ቤቷ ውስጥ የታመመ ልጅ ለቀረጸ ሰው በዚያ መተማመኑን አልመክርም። በእውነተኛ ታሪክ ላይ የተመሠረተው «ድፍረት» የተሰኘው ፊልም በ2006 ዓ.ም. መጨረሻ ሊመረቅ ታዳሚው ገብቶ ሳለ በፍርድ ቤት እግድ ቆሟል።

ለልጁ ምስል የተለየ ፈቃድ ያስፈልጋል። እናቱ ብትፈቅድም የሚያሳፍረውን ትዕይንት ያውጡት። ውሉ ላይም የተቀናበረውን ፊልም አስቀድማ አይታ በ15 ቀን ውስጥ የማትፈልገውን እንድታስወጣ የሚፈቅድ አንቀጽ ያክሉ።