ፔድሮ አርሜንዳሪዝ፦ አንድ ተዋናይ ወይስ ሁለት?

በ1963 እ.ኤ.አ. የሞተ ተዋናይ በ1989 በወጣ ፊልም ላይ እንዴት ሊታይ እንደቻለ ለጠየቁት፣ ፔድሮ አርሜንዳሪዝ የሚባሉት ሜክሲኳውያን ተዋናዮች ሁለት ናቸው፤ አባትና ልጅ። አባትየው በሞተበት ዓመት በወጣው የጄምስ ቦንድ ፊልም ከሪም ቤይን ሲጫወት፣ በ1940 የተወለደው ልጁ በ1989ኙ የቦንድ ፊልም ፕሬዚዳንት ሆኖ ቀርቧል።

በቴሌኖቬላ (በላቲን አሜሪካ ተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማ) አይተውት ከሆነ፣ ያዩት ልጁን ነው፤ እስከ ሞተበት 2011 ድረስ በአጃቢ ገጸ ባሕርያት የታወቀ ሲሆን፣ በተለይ በ1999ኙ ፊልም «ላ ሌይ ዴ ኤሮዴስ» ሙሰኛውን ባለሥልጣን ሎፔዝን የተጫወተበትን መንገድ እጅግ አደንቃለሁ።

አንድ ነገር ይጠንቀቁ። ልጁን ከአባቱ የሚለየው «ጁኒየር» የሚለው የስም ቅጥያ ብዙ ጊዜ ስለሚቀር፣ እኔ በስም ብቻ ፈልጌ የሁለቱን ሥራዎች አደባልቄ ነበር። ከስሙ ይልቅ ፊልሙ የተቀረጸበትን ዓመት ያጣሩ፤ ከ1963 በኋላ ከሆነ የልጁ ነው።